ከጀልባ ወድቃ

መጋቢት 3

ሙቀቱ ዛሬ ገና በጠዋቱ ጀመረ። የቢሯችን ቬንትሌተር ይንቀጫቀጫል እንጂ አያቀዘቅዝም። ለጌጥ ነው የተሰቀለው መሰለኝ።

ታክሲ ውስጥ አንዲት ሴትዮ ባጄን አይታ "ሆስፒታል ምን ትሠሪያለሽ?" አለችኝ። "ሐኪሙ በሽተኛው ምን እንደሆነ በቃላት ይጽፋል፤ እኔ ምኑ እንደተጎዳና በምን እንደተጎዳ ኮድ እሰጣለሁ" አልኳት። "ታዲያ ለምን በቃሉ አትተዉትም?" ብላ ድርቅ። ምን ልበላት? ወራጅ አለ ብዬ ወረድኩ።

የሐይቁ ወቅት ገብቷል። ማንም ሳይነግረኝ ካርዶቹ ይናገራሉ። ዛሬ አንድ ጎረምሳ ጄትስኪ፣ ያ የውሃ ላይ ሞተር ሳይክል፣ አፉን ብሎታል። መንጋጋው ለሁለት፣ የራሱ ጥርስ ምላሱ ላይ ተሰክቶ ነው የተገኘው። የነዳበት ጓደኛው ነው። "እየቀለድን ነበር" ብሏል ይላል ጽሑፉ። ቀልድ!

የቢሮ ባልደረባዬ ነጠላ ሰረዝ እንደ ልማዱ በዓመት አንዴ የሚያነባትን ኮድ አነበበልን... ጀልባ እየጎተተው እግሩ ላይ ያሰረው የውሃ ሸርተቴ በእሳት ተያይዞ የተቃጠለ ሰው። የኮድ መጽሐፉ ውስጥ እውነትም አለች። እሱ ሥራ ከጀመረ ወዲህ ግን አንድም የተቃጠለ አልመጣም። "ጡረታ ሳልወጣ አንድ ባገኝ ምናለበት" ይላል። ለአንዲት ነጠላ ሰረዝ ብሎ ካርድ ለሐኪም የሚመልስ ሰው ነው፣ ስሙም በዚያው ቀረ። እኔን ደግሞ "ክብሪት" ይለኛል። ቶሎ ስለምለኮስ። ይበለኝ።

መጋቢት 9

ሳምንቱን ሙሉ ሥጋ ቤት የዋልኩ ነው የመሰለኝ። ፕሮፔለር፣ የጀልባ ሞተር የሚያሽከረክረው ምላጭ፣ አይቆርጥም፣ ይከትፋል። ጎን ለጎን፣ እኩል እኩል። ትናንት የአንዲት ሴት የራስ ቅል፣ ፀጉሯ ከነቆዳው ተገሽልጦ። ዛሬ የአንድ ዓሣ አጥማጅ ጭን፣ አጥንቱ ድረስ። እያነበብኩ ምሳዬን በላሁ። ድሮ እንዲህ አልነበርኩም... ወይስ ነበርኩ?

ጥያቄዎቻችን ሁሌም እነዚያው ናቸው። ሲመታ ጀልባው ላይ ነበር ወይስ ውሃ ውስጥ? የተሳፈረበት ጀልባ ነው ወይስ የሌላ? ሞተር ያለው ነው የሌለው? ሆን ተብሎ ነው ወይ ብለን ግን አንጠይቅም። ሐኪሙ ሆን ተብሎ ነው ብሎ ካልጻፈ ሁሉም አደጋ ነው። ደንቡ ነው። ያናድደኛል፣ ግን ከደንብ ጋር አልጣላም፣ ከሰው ጋር የምጣላው ይበቃኛል።

እማዬ ደወለች። "ካፒቴን ጣሪያዬን ሲያድስልኝ ዋለ። ምናለ አንቺም እንዲህ ያለ ሰው በገጠመሽ!" ካፒቴን የምትለው የታናሽ እህቴን ባል ነው። ሐይቁ ላይ ለሽርሽር የሚወጡ ሰዎችን በሞተር ጀልባ ያንሸራሽራል፤ ኮፍያ ስላደረገ ብቻ አገሩ ሁሉ ካፒቴን ይለዋል። እህቴን ደግሞ ትንሿ እንላታለን፣ በቁመት በራስ ብትበልጠኝም።

ለትንሿ መደወል አለብኝ። ከደወልኩላት ቆየሁ።

መጋቢት 14

ደህና ቀን ነበር። ክምሩን ጨረስኩት።

አንዷን ብቻ ልጻፍ፣ ስላሳቀችን። እኛ ጋ ስም አይመጣም፣ ቁጥር ብቻ ነው። ወጣት ሴት፣ ትናንት ማታ የገባች። "ከጀልባ ወድቃ በዚያው ጀልባ ፕሮፔለር የተመታች" ይላል። የግራ ትከሻ፣ ክንድ፣ እጅ። የግራ እጇ የመጨረሻዎቹ ሁለት ጣቶች የሉም። ሐይቁ ውስጥ ቀርተዋል።

"ዋና የማትችል ሴት ጀልባ ላይ ምን ጥልቅ አደረጋት?" አልኩት ነጠላ ሰረዝን።

"ባሏ ጋብዟት ይሆናል።"

ሳቅን። ተሳፋሪ፣ ከጀልባ መውደቅ፣ ፕሮፔለር፣ አደጋ። ሻዬ ሳይቀዘቅዝ ጨርሼ ወደሚቀጥለው።

መጋቢት 15

ትንሿ ናት።

ትናንት የሳቅኩባት ሴት ትንሿ ናት።

እማዬ ጠዋት ቢሮ ስልክ ደወለች። "እህትሽ አንቺ ሆስፒታል ተኝታ አንቺ የት ነሽ? ሞባይልሽን ለምን አታነሺም?"  ደረጃውን እንዴት እንደወረድኩት አላውቅም። የቀዶ ሕክምና ዋርድ፣ መስኮቱ ጋ ያለው አልጋ። ከትከሻዋ እስከ እጇ ጫፍ በፋሻ ተጠቅልላ... እጇ አጭር ሆኗል። ፋሻው ባለቀበት ጣት አልነበረም። ሳላያት አውቀው ነበር። እያንዳንዱን ስፌት አውቀው ነበር። በገዛ እጄ ኮድ ሰጥቼበታለሁ።



ካፒቴን አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጦ ሾርባ በማንኪያ እያጠጣት ነበር። ነርሶቹ እየዞሩ ያዩታል። "ባል ማለት እንዲህ ነው!" አለች አንዷ። ሲያየኝ ተነስቶ አቀፈኝ። "እትዬ፣ ፈጣሪ አተረፈልን። ዘልዬ ባልገባ ኖሮ..." ሸሚዙ ሳሙና ሳሙና ይሸታል።

ማታ ተረኛ የነበረችው ነርስ ኮሪደር ላይ የነገረችኝ ግን ከጭንቅላቴ አልወጣ አለ። ትንሿን ወደ ቀዶ ጥገና ሲያስገቧት የካፒቴን የመጀመሪያ ጥያቄ "የጋብቻ ቀለበቷን አገኛችሁት?" ነበር አለችኝ። ሰው ሲደነግጥ ምን የማይለው አለ...

ትንሿ ግን አላየችኝም። ዓይኗ ማንኪያው ላይ ነበር። ሲመጣ አፏን ትከፍታለች፣ ሲሄድ ትዘጋለች።

መጋቢት 16

ለክፍል ኃላፊያችን ነገርኩት። የዘመድ ካርድ አይነካም፣ ወደ ነጠላ ሰረዝ ተዛወረ። ነጠላ ሰረዝ ቀና ብሎ ሊያየኝ አልቻለም። እኔም እሱን።

መጋቢት 18

ይሄን እንዴት እንደምጽፈው...

ካፒቴን ሞተሩን ሊያሠራ ሄደ። ከገባች ጀምሮ ብቻችንን ስንሆን የመጀመሪያችን ነው። ፀጉሯን አበጥርላት ጀመር። ዝም ማለት አይሆንልኝም፣ የማወራው ስለጠፋኝ የሥራ አፌ ቀደመኝ።

"ሲመታሽ ጀልባው ላይ ነበርሽ ወይስ ውሃ ውስጥ?"

"ስንተኛው?" አለች።

ማበጠሪያው ፀጉሯ ላይ ቀረ።

"ምን ማለትሽ ነው ስንተኛው?"

ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። መልሳ የማትናገር መስሎኝ ነበር። ከዚያ ለግድግዳው ነገረችው፣ ቁርጥ ቁርጥ እያደረገች። ትምህርት ቤት የዋና አሠልጣኝ ሆና ተቀጥራ ነበር። ደስ ይለዋል ብላ ለሁለት ሽርሽር ሲወጡ፣ መሀል ሐይቅ ላይ ነገረችው። "ወንዶች ፊት በዋና ልብስ?" አለ። በፀጉሯ ይዞ ፊቷን ከጀልባው ጠርዝ ጋር አጋጨው። ዘለለች።

"አልወደቅኩም፣ እትዬ። ዘለልኩ። በዋና አመልጠዋለሁ ብዬ።"

ትንሿ ዋና የማትችል! በልጅነታችን ከውሃ ለማውጣት በዱላ ነበር የምናስፈራራት።

ወደ ዳር እየዋኘች ሞተሩን ሰማችው። መጀመሪያ የጀልባው አፍንጫ ትከሻዋን መታትና ሰጠመች። ብቅ ስትል ጀልባው አልፏት ሄዷል። ሳያየኝ ነው ብላ አሰበች። ከዚያ ዞረ።

"ዞሮ ሲመጣ ፊቱን አየሁት። ኮፍያውን ነፋስ እንዳይወስድበት በአንድ እጁ ይዞ ነበር።"

ያኔ ውሃው ውስጥ ሆና እንዲያቆም እጇን ወደ ላይ አነሳች። በሁለተኛው ምት የሄደው እጇ ነው። ሦስተኛ ሊዞር ሲል ከማዶ ሌላ ጀልባ መጣ። ያኔ ነው ዘልሎ የገባው... ሊያድናት!

ከአልጋው ብረት ጋር ራሴን ማጋጨት አማረኝ። እሱን ማጋጨት አማረኝ። ትንሿ ጤነኛ እጇን አውጥታ ቀሚሴን ጨበጠች። "እንዳትናገሪ። በእማዬ ሞት። ከተናገርሽ አንቺንም አይተውሽም።"

መጋቢት 19

ነጠላ ሰረዝ ጋ ሄድኩ። በሩን ዘግቼ ነገርኩት። ከንፈሩ ነጣ።  "ክብሪት፣ ሐኪሙ ያልጻፈውን እኔ ከየት አምጥቼ ልጻፍ? አንቺ ብትሆኚ ትጽፊያለሽ?" አልጽፍም። አውቀዋለሁ።

ወደ ቀዶ ሐኪሙ። ጎበዝ ሰው ነው፣ ጓንቱን እያወለቀ ሰማኝ። "ቁስሉ አንድ አቅጣጫ ብቻ የለውም፣ አይቻለሁ። ጠይቄያታለሁም። ባልየው ግን ራስጌዋ ተቀምጦ ነበር። እሱን አስወጥቼ መጠየቅ ነበረብኝ፣ ጥፋቱ የኔ ነው" አለ። "ትንገረኝ ብቻ። በነገረችኝ ደቂቃ እጽፈዋለሁ፣ ፖሊስም ራሴ እጠራለሁ።"

ከሰዓት በኋላ ካፒቴንን ለመድኃኒት ልኮ ከዋርዱ አስወጣውና ጠየቃት። "ወድቄ ነው" አለችው።

እማዬ ጋ ሄድኩ። ያስማለችኝን እንደገና ማፍረሴ ነው፣ ግን እናቷ ናት። ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። ከትፋ ጨረሰች፣ ቢላዋውን አጠበች፣ ዞራ አየችኝ። "አንቺ ከድሮም አልወደድሽውም።"

"እማዬ፣ ዞሮ መጣባት እኮ ነው የምልሽ።"

"ልጅቷ ደንግጣለች፣ ማደንዘዣ ወስዳለች፣ የምትለውን አታውቅም። ጣሪያዬን የሠራ እጅ ልጄን ይቆርጣል? ሂጂ! ትዳር ልታፈርሺ ነው የመጣሽው።"

ሄድኩ። መንገድ ላይ እንደ እብድ ብቻዬን ሳወራ አንድ ሰውዬ አስፋልት ተሻግሮ ሸሸኝ።

መጋቢት 21

ሄድኩ። አልሄድም ብዬ ነበር፣ ሄድኩ።

የጀልባ መቆሚያው ላይ አገኘሁት። ሞተሩን ከውሃ አውጥቶ ፕሮፔለሩን በጨርቅ ይወለውላል። እያፏጨ! ፉጨቱ ነው ያሳበደኝ። ሌላ ነገር ቢሆን እችለው ነበር።

"እትዬ! ምን እግር ጣለሽ?"

መቅዘፊያ አጠገቤ ተደግፎ ነበር። አንስቼ ጆሮ ግንዱን አልኩት። በሙሉ ጉልበቴ። ጆሮው ተሰንጥቆ ደሙ ነጭ ሸሚዙ ላይ ፈሰሰ፣ እውነቱን ልጻፍ... ደስ አለኝ። እንዲህ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ደግሜ አነሳሁ።

ሁለተኛውን ያዘው። ከእጄ ነጥቆ ወረወረና በአንገቴ ያዘኝ። ሳቀ። ጣውላው ላይ ጥሎኝ ጭንቅላቴን በጀልባውና በመቆሚያው መሀል ወደ ውሃው አስገባው። ነዳጅ ያለበት ውሃ ነው፣ ጉሮሮዬን አቃጠለኝ። ሲያወጣኝ "ምን ነገረችሽ?" ይላል። ሳልመልስ ያስገባኛል። በሦስተኛው ሲያወጣኝ አውራ ጣቱን በጥርሴ አገኘሁት። እስኪሰነጠቅ ነከስኩት። ጮኸና ለቀቀኝ። በእጄ ልነሳ ጣውላውን ስደገፍ በጫማው ቀኝ እጄ ላይ ወጣ። ሙሉ ክብደቱን ጣለበት። ድምፁን ሰማሁት፣ ደረቅ እንጨት ሲሰበር።

ወደ ጆሮዬ ጎንበስ አለ። "አንቺም ወድቀሽ ነው። ማን ያምንሻል?"

እዚያው የሚሠራው የጀልባ መካኒክ መፍቻ ይዞ እየሮጠ ባይመጣ ይሄን የምጽፍ አይመስለኝም።

መጋቢት 22

ትናንትም ዛሬም በግራ እጄ ነው የምጽፈው። ፊደሉ ዶሮ የጫረው መሰለ። ሦስት ጣት ተሰብሯል።

መጋቢት 23

ፖሊስ ጣቢያ። እሱ ቀድሞኝ ደርሷል፣ ጆሮው ተሰፍቶ፣ አውራ ጣቱ ተጠቅልሎ፣ አንገቱን ደፍቶ። የተጎዳ ሰው ምስል! መካኒኩ ያየውን ተናገረ። ያየው ግን መቅዘፊያውን ከነጠቀኝ በኋላ ያለውን ነው።

"መጀመሪያ ማን መታ?" አለኝ መርማሪው።

"እኔ።"

"በምን?"

"በመቅዘፊያ።"

ብዕሩን አስቀመጠ። "እህቴ፣ እንግዲህ እርስ በርስ ተደባድባችኋል።" ስለ ትንሿ ነገርኩት። ሐኪም ቤት ሰው ልኮ አስጠየቃት። ወድቄ ነው አለች። መርማሪው ነገር ፍለጋ የምዞር ሴት አድርጎ ነው ያየኝ። በመቅዘፊያው ከመከሰሴ ይልቅ አስተያየቱ አንገበገበኝ። ቁጣዬ ለማን ጠቀመ? ለእሱ ነው የጠቀመው። ጭራሽ ተበዳይ አደረግኩት።

መጋቢት 25

ትንሿ ዛሬ ወጣች። ለጊዜው እማዬ ቤት ናት። ካፒቴን እሁድ መጥቶ ወደ ቤቷ ይወስዳታል ተባለ። እማዬ ናት ከእሱ ጋር የተስማማችው፣ በስልክ።

ትንሿ እጄን አየች። ጄሶውን በጤነኛ እጇ ነካ አደረገችው።

"እሱ ነው?"

"እሱ ነው።"

ታለቅስልኛለች ብዬ ነበር። ጮኸችብኝ። "እንዳትናገሪ ብዬሽ አልነበረም? አየሽው አይደል! አሁን አብሬው ካልሄድኩ እናንተን ነው የሚጨርሰው። እሁድ እሄዳለሁ። እንዳታናግሪኝ።"

"ይገልሻል።"

"እኔን ብቻ ይግደል።"

እንዲህ ነው ያለችው። ሃያ ስምንት ዓመቷ ነው። እማዬ ከማድ ቤት "ምን ያንጫጫችኋል?" አለች።

ቤቴ አልሄድም። እሁድ እስኪመጣ እዚሁ ሶፋው ላይ ነኝ። መጥቶ ሲወስዳት ምን እንደማደርግ ግን አላውቅም። በአንድ እጅ ምን ይደረጋል?

መጋቢት 27፣ እሁድ

 ሳይጠፋብኝ በተራ ልጻፈው።

ከምሳ በኋላ መጣ። በሩ ሲንኳኳ "አልከፍትም" አልኩ። እማዬ "ቤቱ የኔ ነው" ብላ ከፈተች። ነጭ ሸሚዝ፣ ብርቱካን በፌስታል፣ ጆሮው ላይ ፕላስተር። እማዬን አቀፋት። "እማማ፣ ከእትዬ ጋር እንዲህ መሆናችን አሳፍሮኛል፣ ይቅር ይበሉኝ።" እማዬ ዓይኗ እንባ አቀረረ። "ኧረ ልጄ፣ በቤተሰብ መሀል ያለ ነው!" ወደ እኔ ዞሮ ፈገግ አለ። ጥርሴን ነከስኩ።

ትንሿ ለብሳ ጨርሳለች። ሻንጣዋ በሩ ጋ። ፊቷ ላይ ምንም የለም።

"እስቲ አንዴ ብቻችንን እናውራ" አለ በትሕትና። እማዬ እጄን ይዛ ወደ ማድ ቤት ጎተተችኝ። "ባልና ሚስት ናቸው፣ ተያቸው!" ግድግዳው ስስ ነው። የትንሿን ድምፅ ሰማሁ፣ ቀስ ያለ፣ ግን ጥርት ያለ።

"እመጣለሁ። ሥራውን ግን እጀምራለሁ። የትምህርት ቤቱ ሰዎች እየጠበቅንሽ ነው፣ በአንድ እጅሽም ቢሆን ልጆቹን ማስተማር ትችያለሽ ብለውኛል።"

ዝም። ከዚያ የታፈነ ድምፅ። ሰው በትራስ ውስጥ የሚጮኸው ዓይነት።

እማዬ ቀደመችኝ። ይሄን መቼም አልረሳውም። እሷ ናት በሩን የከፈተችው፣ ስለዚህ መጀመሪያ ያየችው እሷ ናት። በአንድ እጁ የትንሿን አፍ ይዟል። በሌላው የተሰፋውን ክንዷን ይጠመዝዛል፣ ሰው እርጥብ ልብስ እንደሚጨምቀው። ፋሻው ቀይ ሆኗል። ፊቱ ደግሞ የተረጋጋ ነበር። በጭራሽ አልተቆጣም። እንደ ሥራ ነበር የያዘው።

"ልጄ..." አለች እማዬ። ለማን እንዳለችው አላወቅኩም።

ቀና ብሎ አያት። "ስፌቷ ተፈታባት መሰለኝ፣ እማማ" አለ። እጁን ግን አላነሳም!

እማዬ ወደ ማድ ቤት ተመለሰች። ጥላን ሄደች ብዬ ነበር። የብረት መጥበሻውን ይዛ መጣች። ትከሻውን አለችው፣ ከዚያ ክርኑን፣ ከዚያ የተሰፋውን ጆሮውን። ሲዞርባት በክርኑ አፏን መታትና ከቁም ሳጥኑ መስታወት ጋር አላተማት። መስታወቱ በላይዋ ረገፈ። እኔ ከኋላው አንገቱ ላይ ተንጠለጠልኩ፣ በጄሶው ፊቱን እየቀጠቀጥኩ። እያንዳንዱ ምት እኔንም እኩል ያመኛል፣ አላቆምኩም። ግድግዳው ላይ አስደግፎ ትንፋሼን አሳጠረኝ።

ያኔ ነው ትንሿ የጮኸችው። መስኮቱን በጤነኛ እጇ በርግዳ፣ ለሰፈሩ ሁሉ።

"አልወደቅኩም! አልወደቅኩም! እሱ ነው! ዞሮ መጥቶ ነው የቆረጠኝ! አልወደቅኩም!"

ይሄን ሁሉ ቀን የያዘችው ነው የወጣው። ባለሱቁ ከነወንድሞቹ፣ ከጎረቤት ፎቅ ያሉት ተከራዮች፣ የማላውቃቸው ሰዎች ሁሉ ገቡ። አራት ሆነው ወለሉ ላይ አስተኙት። ብርቱካኑ በየቦታው ተንከባሎ፣ አንዱ ደም ላይ። ፖሊስ እስኪመጣ ትንሿ መጮህ አላቆመችም። ማንም ዝም በይ አላላትም።

የእማዬ የፊት ጥርስ ከመስታወቱ ስብርባሪ መሀል ተገኘ። እኔ ነኝ ያነሳሁት።

መጋቢት 29

ትንሿ እንደገና ተሰፋች። ከማደንዘዣው ስትነቃ ቀዶ ሐኪሙን ራሷ አስጠራችው። ሁሉንም ነገረችው፣ ፀጉሯን፣ መዝለሏን፣ የመጀመሪያውን፣ የሁለተኛውን። ቁጭ ብሎ በእጁ ጻፈ። ከዚያ ያው መርማሪ መጣ። አሁን ብዕሩን አላስቀመጠም። ሲወጣ ኮሪደር ላይ "እህቴ፣ በዚያን ቀን..." ብሎ ጀመረና ተወው። ልረዳው አልፈለግኩም።

ከማዶ የመጣው ጀልባ ነጂም ተገኝቷል። ሲዞር አይቶት ነበር። "ሊያነሳት የዞረ መስሎኝ ነው" አለ። ሁሉም እንዲህ ነው የመሰለው።

ነጠላ ሰረዝ ጠረጴዛዬ ድረስ መጥቶ አጠገቤ ቆመ። "ሐኪሙ ጽፏል" አለ። "ቀይሬዋለሁ። ጥቃት፣ በትዳር አጋር። የአንቺንም እጅ፣ የእናትሽንም።" ከዚያ "ያን ቀን ባሏ ጋብዟት ይሆናል ያልኩት..." አለ። ፊቱን አዙሮ አፍንጫውን ጠረገ።

እኔም ስቄያለሁ አልኩት።

ሚያዝያ 6

ካፒቴን ዋስትና ተከለከለ። የመቅዘፊያው ክስ በኔ ላይ አልተዘጋም። ይሁን፣ መታሁ፣ መልስ እሰጣለሁ።

ትንሿ የቀሩትን ጣቶቿን ማንቀሳቀስ ጀምራለች። ትናንት አንድ ብርጭቆ በግራዋ አንስታ ጣለችው። በመጣሏ እንዲህ ስትስቅ አይቼ አላውቅም።

ዛሬ እማዬ ቤት ጠያቂዎች መጡ። የድሮ የሥራ ባልደረቦቿ፣ ከሌላ ሰፈር፣ ምንም ያልሰሙ። እማዬ ፊት ለፊታቸው ተቀመጠች፣ ከንፈሯ አሁንም እንዳበጠ። ከዚያ እሁድ ወዲህ ብዙ አታወራም። ጥርሷ ስለሌለ ነው ብዬ ነበር። ትንሿ ጥግ ላይ፣ እጇን ሻርፕ ውስጥ ደብቃ።

አንደኛዋ ከንፈሯን መጠጠች። "ጀልባ ገጭቷት ነው አሉ። ወይኔ ልጄን! እግዜር ይማርሽ። መቼም ከአደጋ የሚሰውረን እሱ ብቻ ነው..."

ትንሿ አንገቷን ደፋች። ልናገር አፌን ስከፍት እማዬ እጄን ያዘችኝ።

"ጀልባ አይደለም" አለች። ቃሉ በጎደለው ጥርሷ መሀል እየሾለከባት፣ ቀስ ብላ። "ባሏ ነው። ሆን ብሎ፣ ሁለቴ። ታላቋ ስትነግረኝ ውሸታም ብዬ አባረርኳት። እቤቴ ሊደግማት ሲመጣ በሩን የከፈትኩለት እኔ ነኝ።"

ሴቶቹ እርስ በርስ ተያዩ። አንዷ ቦርሳዋን ጉልበቷ ላይ አስተካከለች፣ ለመሄድ። እማዬ ግን ወንበሯን ወደ እነሱ ሳበች። ገና መጀመሯ ነበር።